ጭራው እና የእናቴ ዳንቴል

ባለፈው ሳምንት ወልቂጤ መናኸሪያ አጠገብ ባለች አንዲት የሞባይል ጥገና ሱቅ ተቀምጬ ስልኬ እስኪሠራ ስጠብቅ አንድ ሽታ አፍንጫዬን መታኝ። የጋለ ፕላስቲክ ሽታ ነው። ጠጋኙ ቻርጀር ሰክቶ ረስቶት ኖሮ ባንኮኒው ላይ በመወልወያ ጨርቅ እንደተሸፈነ ሲግል ቆይቷል። ሌላ ሰው ቢሆን "የሚቃጠል ነገር ይሸታል" ብሎ ዝም ይል ነበር። እኔ ግን ሳላስበው ብድግ ብዬ ጨርቁን ገፈፍኩት። ጠጋኙ ቀና ብሎ አየኝና "ጋሼ፣ ምነው? አይዞዎት፣ ቻርጀር ነው" አለኝ። ምን ብዬ ላስረዳው? ከሠላሳ ዓመት በፊት መግፈፍ የነበረብኝን ጨርቅ ነው ዛሬ የገፈፍኩት አይባል ነገር። ይቅርታ ብዬ ተቀመጥኩ።

የዚያኑ ዕለት ከሰዓት በኋላ ንጉሤ ደወለ። ንጉሤ የወጣትነት ጓደኛዬ ነው፤ ኑሮው መርካቶ ነው፣ ለመስቀል ግን ቡታጅራ ሳይመጣ ቀርቶ አያውቅም። "ታዴ፣ ዘንድሮ እንዳትቀር" አለኝ። "ሰናይት ጭራውን አግኝታዋለች። ያንኑ የድሮውን። ያኔ የቀረብንን እንጨርሳለን።" ሰናይት ጉብሬ ካምፓስ የምትማር ልጁ ናት። እሺ መጣለሁ አልኩት።

ጭራው የቴሌቪዥን ጌም ነው። ትክክለኛ ስሙ ካሴቱ ላይ በማናውቀው ፊደል ስለተጻፈ ማንም አንብቦት አያውቅም። ረጅም ጭራ ያለው፣ ድመት ይሁን ጦጣ ያልለየለት ትንሽ ፍጡር ከግራ ወደ ቀኝ ይሮጣል፤ ገደል ይዘላል፣ እሳት ይዘላል፣ ጠላቱን አናቱ ላይ ወጥቶ ይረግጣል። በቃ ይኸው ነው። ስምንት አገር አለው፤ በየአገሩ መጨረሻ አንድ ግንብ አለ፤ በስምንተኛው ግንብ ውስጥ ደግሞ አንድ በር። ከበሩ ወዲያ ምን እንዳለ ቡታጅራም ሆነ ወልቂጤ ያየ ሰው አልነበረም። አንዱ የጭራው ሠርግ ነው ይላል፣ ሌላው ዘጠነኛ አገር አለ ብሎ ይምላል። ለአገሮቹ ስም ያወጣነው እኛው ነን። በረዶ ያለበትን አረቅጥ አልነው፤ ብርድ ሲባል የምናውቀው እሱን ነዋ። ውሃ ውስጥ የሚዋኝበት ጊቤ ሆነ። አራተኛው አገር ላይ ከግድግዳ ጀርባ የተደበቀ፣ የሞተን ነፍስ የሚመልስ ክፍል ነበር፤ እሱን በሆስፒታሉ ስም አታት ብለን ጠራነው። አንዱ ነፍሱ አልቃ ሲወራጭ "አታት አድርሱት" የሚል አይጠፋም። ሲሞት ደግሞ ቤቱ በሙሉ በአንድ አፍ "ነፍስ ይማር" ይላል።

ጌም ቤታችን ቡታጅራ ውስጥ፣ በእናቴ ግቢ መንገድ ዳር ያለችው ክፍል ነበረች። አባቴ ከሰሜን በመምህርነት ተመድቦ መጥቶ እዚያው የቀረ ሰው ነው፤ እሱ ሲያርፍ እናቴ ክፍሏን ለእኔና ለንጉሤ ለቀቀችልን። ያኔ ሁለታችንም ሃያ ዓመት አልሞላንም። አሥራ አራት ኢንች ቴሌቪዥን፣ ሁለት አግዳሚ ወንበር፣ ከመርካቶ የመጣ ግራጫ ማሽን። አንድ ነፍስ በስሙኒ ነበር የምትሸጠው። በስሙኒ ያኔ ዳቦ ይገኝ ነበርና ዳቦውን ትቶ ነፍስ የሚገዛ ሰው ፊቱ ላይ የሚታየው ነገር እስካሁን አይጠፋኝም። ከጎናችን ያለው ካሴት ቤት ሙሉ ቀን የፍቅር ዘፈን ይለቃል፤ የጭራው የዝላይ ድምፅ በዘፈኑ መሀል ጢው፣ ጢው ሲል ይውላል። ንጉሤ አንዲት ጥቁር ቦምበር ጃኬት ነበረችው፤ ክረምት ከበጋ አያወልቃትም፣ ስምንተኛው አገር ሲገባ ግን አውልቆ ለእኔ ይሰጠኛል። ያኔ ቤቱ ዝም ይላል። አውራ ጣቱ ምኑን ከምን አድርጎ እንደሚጫን አጠገቡ ተቀምጬ እንኳ አይገባኝም ነበር። እኔማ አረቅጥን ያለፍኩት ሁለት ጊዜ ብቻ ነው።

የጭራው ታሪክ እኛ ዘንድ የደረሰው ተገላብጦ ነው። መጀመሪያ የመጣልን ሁለተኛው ነው፤ የንጉሤ ጉዳይ ሁሉ ከእሱ ጋር ነው። ቀጥሎ ሦስተኛው መጣ። አንደኛውን ያየነው ከሁለቱ በኋላ ነው፤ ቀለሙ ደብዝዟል፣ ጭራውም አጭር ነው፣ አየር ላይ መንሳፈፍ አይችልም። ልጆቹ "ይኼ አባቱ ነው" ብለው ገላገሉን። ከዚያ አንድ ነጋዴ "ዘጠነኛው ወጥቷል" ብሎ አመጣልን። ስንከፍተው ያው ሁለተኛው ነው፤ ሰማዩን አረንጓዴ ቀብተውታል እንጂ። ከዓመታት በኋላ በሲዲ የመጣው ደግሞ ጭራውን ከኋላው ነው የሚያሳየው፣ ወደ አራቱም አቅጣጫ ይሮጣል፤ ሃያ ደቂቃ ሞክሬው ራሴን አዞረኝ። ቀጥሎ ኳስ ጌም መጣና ጌም ቤቱን ሁሉ ወረሰው፤ ጭራው ሞተ ተባለ። አሁን ደግሞ በስልክ ተመልሶ ቁጭ ብሏል። ከወልቂጤ ጉብሬ በሚኒባስ ስሄድ የተማሪዎቹ ስልክ ውስጥ ጢው ሲል እሰማለሁ።

የዛሬ ልጆች የማይገባቸው አንድ ነገር አለ። የድሮው ማሽን ያቆምክበትን አይዝልህም። ካጠፋኸው ወይም ሶኬቱ ከተነቃነቀ ከመጀመሪያው ነው። ስለዚህ ሩቅ የደረሰ ሰው ጌሙን ያስቆመውና ቴሌቪዥኑን ብቻ ያጠፋል፤ ማሽኑ እንደበራ ያድራል። ቀይዋ መብራት በርታ ካደረች ጭራው በሕይወት አለ ማለት ነው። ጠዋት የሚመጣው ሰው ሁሉ ከሰላምታ በፊት አንገቱን አስግጎ የሚያየው እሷን ነበር።

ወልቂጤ ላይ ሸምሱ የሚባል ባለ ጌም ቤት ነበር። ሁለተኛ ክፍል ሊከፍት አስቦ የሚያምነው ሰው አጥቷል። አንድ ቀን ቡታጅራ መጥቶ ንጉሤ ሲጫወት አየና "እኔ ፊት የመጨረሻዋን በር የከፈተ ክፍሉን ይረከባል፤ ትርፉም እኩል ነው" አለው። ይህ ለሌላው ሰው ወሬ ነበር፤ ለንጉሤ ግን የመጨረሻ መውጫው ነው። አጎቱ በመስቀል መጥቶ፣ በበዓሉ ሦስተኛ ቀን መርካቶ ይዞት ሊሄድ ለአባቱ ቃል ሰጥቷል። በየቤቱ እንዲህ ነበር፤ ለበዓል የመጣ ዘመድ ሲመለስ አንድ ወጣት አስከትሎ ይሄዳል። ንጉሤ መሄዱን አልፈለገውም። "እዚያ ሄጄ ብረት ስሸከም ልኖር ነው ታዴ" ይለኝ ነበር። አባቱ ደግሞ ወልቂጤ ላይ የታወቀ ሥራ ከያዘ እንደማያስገድደው ነግሮታል። ሸምሱም በበዓሉ ማግስት እንደሚመጣ ቀጠሮ ሰጠ።

ንጉሤ በደመራ ዋዜማ ስምንተኛው ግንብ ደረሰ። ነፍስ አራት ቀርቶታል። በሯ ትታያለች፤ ሦስት ዝላይ ነው የቀረው። ነገር ግን ሸምሱ ሳያይ ቢከፍታት ዋጋ የለውም፤ በሯ ከተከፈተች ማሽኑ ወደ መጀመሪያው ይመለሳል የሚሉ ነበሩ። ስለዚህ አስቆመው። በበዓሉ ደግሞ ከአባቱ ቤት ውጭ የሚያድር የለምና ወደ ገጠር መሄድ አለበት። እኛ ግን የአባታችን አገር ሩቅ ስለሆነ በዓሉን እዚያው ከተማ ነበር የምናሳልፈው። እናም ማሽኑ ለእኔ ቀረ። ንጉሤ በሩ ላይ ቆሞ "ውሃ እንዳይነካው። ማንም እንዳያነቃንቀው። አደራ" አለኝ። ጃኬቱን ወንበሩ ላይ ትቶልኝ ሄደ።

በማግስቱ፣ በደመራው ዕለት ጠዋት፣ እናቴ ባልዲ ሙሉ ኖራና ብሩሽ ይዛ ገባች። ለመስቀል ያልተቀባ ግድግዳ በቡታጅራ ነውር ነው፤ እናቴም ከሰሜን ብትመጣም በዚህ ከጎረቤት ማነስ አትወድም። "እማዬ፣ ይህችን ክፍል ተያት" አልኳት። "መንገድ ዳር ያለችው እሷ አይደለች እንዴ? አላፊ አግዳሚው የሚያየው እሷን ነው" አለችኝ። ማሽኑን ላንቀሳቅሰው አልችልም። ኖራው ከጣሪያ ሥር መንጠባጠብ ሲጀምር ቸኮልኩ። ቴሌቪዥኑ ላይ እናቴ በእጇ የሠራችው ነጭ ዳንቴል ነበር። እሱን አነሳሁና አራት አጥፌ ማሽኑን ሸፈንኩት፤ ኖራ እንዳያሳልፍ ደግሞ የገበታ ላስቲክ ደረብኩበት። ጠርዙን ሁሉ ወደ ውስጥ አጠፍኩ። እንዲያውም በጥንቃቄዬ ኮርቼ ነበር። ከዚያ ለእናቴ ውሃ ላመላልስ ወጣሁ።

ስመለስ ስምንት ሰዓት ሆኗል። ግድግዳው ነጭ ነው፣ እናቴ ወደ ጓዳ ገብታለች። ሽታው በሩ ላይ ተቀበለኝ። ላስቲኩ ከዳንቴሉ ጋር ሊጣበቅ ምንም አልቀረውም ነበር። ገፍፌ ጣልኩት። ቀይዋ መብራት በርታለች። እግዚአብሔር ይመስገን አልኩና ቴሌቪዥኑን ከፈትኩት። ጭራው የለም። በሯ የለችም። ከላይ እስከ ታች የቀለም ሰንበር ብቻ ነው፣ ደርቆ የቀረ። እጄን ማሽኑ ላይ ባስቀምጥ አቃጠለኝ። በመጽሐፍ አራገብኩት፣ እስኪቀዘቅዝ አንድ ሰዓት ጠበቅኩ፣ ቁልፉን በየተራ ነካካሁ። ምንም። በመጨረሻ ዓይኔን ጨፍኜ አጠፋሁትና መልሼ አበራሁት። ጭራው በመጀመሪያው አገር፣ በግራ ጥግ፣ ሦስት ነፍስ ይዞ ቆሟል። ወለሉ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ።

ንጉሤ በበዓሉ ማግስት ጠዋት መጣ። አዲስ ሸሚዝ ለብሷል፤ ለእናቴ በኮባ የተጠቀለለ የበዓል ሥጋ ይዟል። "እንዴት ሰነበተ?" አለኝ፣ ታማሚ እንደሚጠየቅ ሁሉ። ሌሊቱን ሙሉ የምለውን ሳዘጋጅ ነበር ያደርኩት። ዳንቴሉን ልነግረው ነበር ያሰብኩት። አፌን ስከፍት ግን የወጣው ሌላ ነው።

"መብራት ሄደ።"

"መቼ?"

"በደመራው ዕለት። ስምንት ሰዓት ላይ።"

አልተቆጣም። አግዳሚው ላይ ተቀመጠና የጠፋውን ቴሌቪዥን ያይ ጀመር። በቃ ይህች ብቻ ብትሆን ኖሮ ምናልባት ራሴን ይቅር እለው ነበር። ነገር ግን ከግማሽ ሰዓት በኋላ ሸምሱ ደረሰ። "አሰላሙ አለይኩም" ብሎ ገባና ነገሩን ሲሰማ ከልቡ አዘነ። "ግድ የለም" አለው ንጉሤን። "እንደገና ጀምር። ክፍሉን እስከ ኅዳር ለሰው አልሰጥም። አባትህንም እኔ አነጋግራለሁ።"

ንጉሤ ራሱን ነቀነቀ። "ሸምሱ፣ እኔ ብጀምር መብራቱ መሄዱን ይተዋል? ዛሬ ባይሄድ ነገ ይሄዳል። በእኔ እጅ ያልሆነን ነገር ምን አደርገዋለሁ?"

እዚያው ነበርኩ። በሁለቱ መሀል። አንዲት ቃል ብናገር ነገሩ ሌላ ነበር፤ ያኔም አውቀው ነበር። እናቴ እጇ ላይ የኖራ ነጥብ እንዳለ በሩ ላይ ቆማ ታየኛለች። ዳንቴሉን አጥባ ያሰጣችው እሷ ናት፤ መብራት እንዳልሄደም ታውቃለች። እሷም አልተናገረች፣ እኔም አልተናገርኩ። ንጉሤ በሦስተኛው ቀን ከአጎቱ ጋር አውቶቡስ ተሳፈረ። ጃኬቱን እኔው ነኝ በመስኮት ያቀበልኩት።

መርካቶ አልገደለውም። ዛሬ የራሱ ሱቅ አለው። ግን በሦስተኛው ዓመት የብረት ዘንግ ወድቆበት የቀኝ አውራ ጣቱ አይታጠፍም። እናቴ ስታርፍና እኔ ወልቂጤ ጠቅልዬ ስገባ ግቢውን ገዝቶ የበዓል ማረፊያው አደረገው፤ ዕቃዎቿን እንኳ አላስነሳም። በየዓመቱ በዚያች ክፍል ሰው ሰብስቦ ያንኑ ታሪክ ያወራል፤ ሦስት ዝላይ ሲቀረው መብራት እንዴት ጉድ እንደሠራው። ሰው ይስቃል። መጨረሻ ላይ ወደ እኔ ይዞርና "አይደል ታዴ?" ይለኛል። "ልክ ነው" እላለሁ። ስንት መስቀል እንዲህ አልኩ? መምህር ሆኜ ስንት ልጅ በኩረጃ ቀጥቻለሁ፣ በዓል በመጣ ቁጥር ግን እዚያች አግዳሚ ላይ ተቀምጬ "ልክ ነው" እላለሁ።

ዘንድሮ በደመራው ዕለት ከሰዓት በፊት ደረስኩ። ግድግዳው ተቀብቷል። ሰናይት ላፕቶፕዋን ከትልቁ ቴሌቪዥን ጋር አገናኝታለች፤ ዳንቴሉን አንስታ የወንበሩ መደገፊያ ላይ አድርጋዋለች። ያው ዳንቴል ነው፣ አንዱ ጥጉ ቢጫ ሆኗል። "ጋሼ ታደሰ፣ አሁን እኮ መብራት ቢሄድም አይጠፋም፤ ያቆምክበትን ራሱ ይይዛል" አለችኝ። "እስከ ስምንተኛው ግንብ አድርሼለታለሁ። የቀረው ለአባዬ ነው።" ስክሪኑ ላይ በሯ ትታያለች። ሦስት ዝላይ። ከሠላሳ ዓመት በፊት የቀረችበት ቦታ ላይ ናት።

ንጉሤ ተቀመጠ፣ መጫወቻውን ያዘ፤ በማይታጠፈው አውራ ጣት ፈንታ ሌባ ጣቱን ቁልፉ ላይ አስቀመጠ። እንደ ልማዱ ከመጀመሩ በፊት ለልጁ ያወራላት ጀመር። "ያን ቀን መብራት ባይሄድ ኖሮ አንቺ የወልቂጤ ልጅ ነበርሽ" አላት። ከዚያ ዞረ። "አይደል ታዴ?"

የጋለው ፕላስቲክ ሽታ ከሱቁ ጀምሮ ከአፍንጫዬ አልወጣም ነበር። "አይደለም" አልኩት።

መጀመሪያ የቀለድኩ መስሎት ሳቅ አለ። "መብራት አልሄደም" አልኩት። "እናቴ ግድግዳ ስትቀባ ማሽኑን በዚህ ዳንቴል ሸፈንኩት። በላዩ ላስቲክ ደረብኩ። አፍኜ አቃጠልኩት። እኔ ነኝ።" ሰናይት እጇን ከላፕቶፑ ላይ አነሳች። ንጉሤ ዳንቴሉን አየ፣ እኔን አየ። ደጅ ለደመራው እንጨት ሲወረወር ይሰማል።

"ዳንቴሉ ይሁን" አለ በመጨረሻ። ድምፁ ዝግ ያለ ነበር፤ ቢጮህብኝ ይሻለኝ ነበር። "የዳንቴሉ ነገር በማንም ሰው ላይ ይደርሳል። ሸምሱ እንደገና ጀምር ሲለኝ እዚህ ቆመህ ነበር። መብራት ነው ስለተባልኩ ነው እንቢ ያልኩት። መብራትን ምን አደርገዋለሁ? ጨርቅ መሆኑን ባውቅ ጨርቁን አንስቼ እጀምር ነበር።"

መጫወቻውን አስቀምጦ ወደ ደጅ ወጣ። ሰናይት ስክሪኑን እያየች፣ "ጋሼ፣ ለምን አሁን?" አለችኝ። "ከርሞ ደግሞ ልክ ነው ማለት አቃተኝ" አልኳት። ቦርሳዬን አንስቼ ልሂድ አሰብኩ። ወልቂጤ የሚመልሰኝ ሚኒባስ ገና አይጠፋም። ግን ያኔም አጠገቡ ቆሜ ዝም በማለቴ ነው የመጣው ሁሉ የመጣው፤ ዛሬ ደግሞ ተናግሬ ብሸሽ ከዚያ አይሻልም። እናም ተቀመጥኩ።

ሲመለስ እጁ ላይ የእንጨት ፍርፋሪ ነበር። እኔን ሳያይ አልፎ ተቀመጠ።

"ሰናይት፣ ከመጀመሪያው አድርጊልኝ።"

"አባዬ፣ ስምንተኛው ላይ እኮ ነህ። ሦስት ዝላይ ነው የቀረህ።"

"ከመጀመሪያው። የሚይዘውንም ነገር አጥፊው።"

አጠፋችው። ጭራው በግራ ጥግ፣ ሦስት ነፍስ ይዞ ቆመ። ንጉሤ ዳንቴሉን ከወንበሩ መደገፊያ አነሳና ጉልበቴ ላይ አስቀመጠው። "አንተ ይህን ትይዛለህ" አለኝ። "ስምንተኛው እስክደርስ አትነሳም።"

ጀመረ። ጣቱ ዘገየበትና ጭራው የመጀመሪያዋ ትንሽ ገደል ውስጥ ገባ። ሕፃን የሚዘላት ገደል ናት። በክፍሉ ውስጥ ማንም ትንፍሽ አላለም። ንጉሤም ከስክሪኑ ላይ ዓይኑን አልነቀለም።

"ምነው?" አለ። "ነፍስ ይማር አይባልም እንዴ?"

"ነፍስ ይማር" አልኩት።

ሁለተኛዋን ነፍስ ጀመረ። እኔም ዳንቴሉን በሁለት እጄ እንደያዝኩ ነበርኩ።